ይድነቃቸው ተሰማ፦ ለሌሎች መንገድ የከፈቱ ኳስ ተጫዋች

በዚህ መጽሔት ላይ ስለ ኳስ መጻፍ ቦታ ማባከን የሚመስላቸው አባሎች እንዳሉን እናውቃለን። የአገር ጥያቄ፣ የዳቦ ጥያቄ፣ የትምህርት ጥያቄ ተደራርቦ ሳለ ስለ ጎልና ስለ ዋንጫ ማውራት የሥራ ፈቶች ነገር ነው ይሉናል። በዚህ አንስማማም። ማን ይጫወት፣ ማን ይወስን፣ ማን ከአጥር ውጭ ቆሞ ይመልከት የሚለው ጥያቄ በሜዳም ላይ ቢሆን ያው የፖለቲካ ጥያቄ ነው። ይህን አብዛኛው የአፍሪካ ሕዝብ ገና በቅኝ አገዛዝ ሥር በነበረበት ጊዜ የተረዱና ዕድሜአቸውን ሙሉ የተከራከሩበት አንድ ኢትዮጵያዊ ነበሩ፤ አቶ ይድነቃቸው ተሰማ። ስማቸውን የማያውቅ በመካከላችን ያለ አይመስለንም። ሥራቸውን የሚያውቅ ግን ጥቂት ነው። ስለዚህ በዚህ እትም ታሪካቸውን ለማቅረብ ወስነናል። ዓመቶቹን በአገራችን አቆጣጠር ጽፈናል፤ የዓለም ዋንጫዎችን ብቻ በሚታወቁበት በፈረንጆች አቆጣጠር ትተናቸዋል።

አቶ ይድነቃቸው በ1914 ዓ.ም. በዕለተ እንቁጣጣሽ ጅማ ከተማ ተወለዱ። አባታቸው ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ ናቸው። ነጋድራስ ተሰማ በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን ወደ ጀርመን አገር ተልከው፣ በ1900 ዓ.ም. እዚያው ድምፃቸውን በሸክላ ያስቀረጹ፣ በዚህም ከኢትዮጵያውያን ሁሉ ቀዳሚ የሆኑ ባለቅኔና ድምፃዊ ነበሩ። በኋላም ከልጅ ኢያሱ ጋር ቀርበው ሹመት አገኙ፤ ልጅ ኢያሱ በ1909 ዓ.ም. ከሥልጣን ሲወርዱ የእሳቸውም ዕድል አብሮ ወደቀ። ስለዚህ ሕፃኑ ይድነቃቸው የተወለዱት ዝና ካለበት፣ ነገር ግን የቤተ መንግሥት ፀሐይ ከራቀው ቤት ነው። የአባት የቃላት ችሎታ ወደ ልጁ መተላለፉን በኋላ በየጉባኤው የተከራከሯቸው ሰዎች ሳይወዱ በግድ አይተውታል።

ትምህርታቸውን አዲስ አበባ በተፈሪ መኰንን ትምህርት ቤት ተከታተሉ። ኳስ በዚያን ጊዜ ለአብዛኛው አበሻ ባዳ ነገር ነበር። የሚጫወቱት በከተማው የሚኖሩት ግሪኮች፣ አርመኖች፣ ጣሊያኖችና ሌሎች የውጭ አገር ሰዎች ሲሆኑ፣ የአራዳና የአካባቢው ልጆች ደግሞ ከዳር ሆነው እያዩ ለመዱት። በታኅሣሥ 1928 ዓ.ም. ጆርጅ ዱካስና አየለ አትናሽ የተባሉ ወጣቶች ቅዱስ ጊዮርጊስ ብለው የሰየሙትን ቡድን መሠረቱ። ወሩን ልብ ማለት ይገባል፤ የፋሺስት ጦር በሰሜን ገብቶ ወደ መሀል አገር እየገፋ የነበረበት ወር ነው። ይድነቃቸው ገና የ14 ዓመት ልጅ ሳሉ ወደዚህ ቡድን ገቡ፤ 23 ዓመት ሙሉም ሌላ ማልያ አልለበሱም።

ከአምስት ወር በኋላ አዲስ አበባ ተያዘች። ፋሺስቶቹ ኳሱን አልከለከሉም። ያደረጉት ከመከልከል የከፋ ነበር ማለት እንችላለን፤ ከፋፈሉት። ነጭ ከነጭ፣ ጥቁር ከጥቁር እንጂ ሁለቱ በአንድ ሜዳ እንዳይገናኙ ተደረገ። ለአገሬው ልጆች የተለየ ውድድር ተቋቋመላቸው፤ ቡድኖቹም የጣሊያን ስም ተለጠፈባቸው። ቅዱስ ጊዮርጊስ የሚለው ስም ተፍቆ ሊቶሪዮ ውቤ ሰፈር ተባለ። ይድነቃቸው ከ14 እስከ 19 ዓመታቸው የተጫወቱት በዚህ ሥርዓት ውስጥ ነው። ሰዎች በኋላ በደቡብ አፍሪካ ጉዳይ ለምን ያን ያህል እንደሚከርሩ ይጠይቁ ነበር። መልሱን በዚህ ጊዜ ውስጥ መፈለግ ይቻላል። አፓርታይድን ከመጽሐፍ የተማሩት አልነበሩም፤ በገዛ ከተማቸው፣ በገዛ እግራቸው ተጫውተውበታል።

ነፃነት ሲመለስ ሥራው ከባዶ ጀመረ። በ1935 ዓ.ም. የኢትዮጵያ እግር ኳስ ፌዴሬሽን ሲቋቋም ከጥቂቶቹ ጠንሳሾች አንዱ እሳቸው ነበሩ፤ ዕድሜአቸው ገና 21 ነው። የጨዋታውን ሕግ ወደ አማርኛ መለሱ፤ ውድድር አዘጋጁ፤ ደብዳቤ ጻፉ፤ እሑድ ሲሆን ደግሞ ጫማቸውን አጥልቀው ይሰለፋሉ። በ1936 ዓ.ም. የተደረገው የመጀመሪያው ሻምፒዮና አምስት ቡድኖች ነበሩት፦ የጣሊያኖቹ ፎርቲቱዶ፣ የአርመኖቹ አራራት፣ የግሪኮቹ ኦሎምፒያኮስ፣ የእንግሊዝ ወታደራዊ ልዑካን ቡድንና ቅዱስ ጊዮርጊስ። ከአምስቱ የአገሬው ሰው ቡድን አንድ ብቻ መሆኑን አንባቢ ያስተውል። ዋንጫውን የወሰዱት እንግሊዞቹ ናቸው። ቅዱስ ጊዮርጊስ የኢትዮጵያ ሻምፒዮን ለመሆን እስከ 1942 ዓ.ም. መጠበቅ ነበረበት።

ስለ ተጫዋችነታቸው የሚነገረው ብዙ ነው። ለክለባቸው ከ300 በላይ ግብ እንዳገቡ ሲጻፍ ኖሯል፤ በዚያ ዘመን መዝገብ እንዴት ይያዝ እንደነበር ለሚያውቅ ቁጥሩ ላይ መከራከር አይጠቅምም። ብሔራዊ ቡድናችን በኅዳር 1940 ዓ.ም. የመጀመሪያውን ዓለም አቀፍ ጨዋታ አድርጎ የፈረንሳይ ሶማሊላንድን፣ ማለትም የዛሬይቱን ጅቡቲን፣ 5 ለ 0 ሲያሸንፍ የዚያ ትውልድ ተጫዋች ነበሩ። በ1950 ዓ.ም. ጫማቸውን ሰቀሉ።

እዚህ ላይ ወጣ ያለ ነገር እናንሳ። በአሜሪካኖች እግር ኳስ፣ በእጅ የሚያዘውን ማለታችን ነው፣ በፊት መስመር የሚሰለፉ ግዙፍ ሰዎች አሉ። ሥራቸው ኳሱን መያዝ አይደለም። ኳሱን የያዘው ጓደኛቸው እንዲያልፍ ተቃራኒውን በደረታቸው ገፍተው መንገድ መክፈት ነው። ተመልካች የሚያጨበጭበው ለሮጠው እንጂ ለገፋው አይደለም። አቶ ይድነቃቸው በመጀመሪያው ዕድሜአቸው ግብ አግቢ ነበሩ፤ ከዚያ በኋላ የሠሩት ግን ይህን የፊት መስመር ሥራ ነው።

ሥራው የሚጀምረው ከካርቱም ነው። የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን በየካቲት 1949 ዓ.ም. በዚያች ከተማ ሲመሠረት አባል የነበሩት አራት አገሮች ብቻ ናቸው፤ ግብፅ፣ ሱዳን፣ ኢትዮጵያና ደቡብ አፍሪካ። ጋና ነፃ ልትወጣ ገና ጥቂት ሳምንታት ቀርቷት ነበር። አራቱም ለመጀመሪያው የአፍሪካ ዋንጫ ቡድን ሊልኩ ተስማሙ። የደቡብ አፍሪካ ሰዎች ግን ወይ ነጭ ብቻ፣ ወይ ጥቁር ብቻ የሆነ ቡድን እንልካለን እንጂ የተቀላቀለ አንልክም አሉ። ሦስቱ አልተቀበሉትም። ደቡብ አፍሪካ ከውድድሩ ወጣች፤ ኢትዮጵያም በዕጣ የደረሰቻት እሷ ስለነበረች ሳትጫወት ለፍጻሜ አለፈች። በፍጻሜውም ግብፅ 4 ለ 0 ረታችን፤ አራቱንም ግቦች ያገባው አድ ዲባ የተባለው ተጫዋች ነው። ሽንፈቱ ያማል። ነገር ግን ገና በእግሩ ያልቆመ ድርጅት፣ ከአራት አባሎቹ አንዱን በመርህ ምክንያት አሰናብቶ በሦስት አገር ውድድር ማድረጉን ስናስብ፣ የተባበሩት መንግሥታት የግዴታ የጦር መሣሪያ ማዕቀብ የጣለው ከ20 ዓመት በኋላ መሆኑን እናስታውሳለን። አቶ ይድነቃቸው ከዚህ ድርጅት መሥራቾች አንዱ ናቸው፤ በካርቱም የተያዘውን አቋምም እስከ ዕለተ ሞታቸው አልለቀቁም።

ከዚያ በፊት ግን አንድ የደስታ ቀን አለ። ሦስተኛው የአፍሪካ ዋንጫ በ1954 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ ተዘጋጀ፤ አሠልጣኙ አቶ ይድነቃቸው ነበሩ። ቱኒዚያን 4 ለ 2 አሸንፈን ለፍጻሜ ደረስን። ጥር 13፣ ጥምቀት ባለፈ በሁለተኛው ቀን፣ ስታዲዮሙ ሞልቶ፣ ንጉሠ ነገሥቱ ተቀምጠው፣ ሁለት ጊዜ ባለ ዋንጫ የሆነችው ግብፅ ገጠመችን። እረፍት ሲወጡ ግብፅ 1 ለ 0 ትመራ ነበር። በ74ኛው ደቂቃ ተክሌ ኪዳኔ አቻ አደረገ፤ ሕዝቡ ደስታውን ሳይጨርስ በአንድ ደቂቃ ውስጥ ግብፆች ደገሙ። በ84ኛው ሉቻኖ ቫሳሎ እንደገና አቻ አደረገ። በተጨማሪው ሰዓት የሉቻኖ ወንድም ኢታሎ ሦስተኛውን፣ መንግሥቱ ወርቁ አራተኛውን አገቡ። 4 ለ 2። ኢትዮጵያ የአፍሪካን ዋንጫ ያነሣችበት ብቸኛ ቀን ይህ ነው።

ዋንጫውን ከንጉሡ እጅ የተቀበለው አምበሉ ሉቻኖ ነው። ሉቻኖ አሥመራ የተወለደ፣ አባቱ ጣሊያናዊ፣ እናቱ ኤርትራዊት ናቸው። በዚያን ጊዜ ክልስ የሆነ ሰው የኢትዮጵያን አምበልነት ይዞ በንጉሡ ፊት መቅረቡ ያልተዋጠላቸው ሹማምንት እንደነበሩና አቶ ይድነቃቸው በእምቢታ እንደጸኑ ሲነገር ኖሯል። ይህ ከጠባያቸው ጋር ይስማማል። በፋሺስት ዘመን በቀለም የተከፈለ ሜዳ ያየ ሰው፣ ተጫዋችን በደሙ መለካት በገዛ አገሩም ሲመጣ ዝም ቢል ኖሮ በካርቱም የተያዘው አቋም ባዶ ወሬ በሆነ ነበር።

አሁን ወደ ትልቁ ክርክር እንለፍ። ፊፋ እ.ኤ.አ. ለ1966 የዓለም ዋንጫ 16 ቦታ ሲያከፋፍል ለአፍሪካ አንድም አልሰጠም። የአፍሪካ አሸናፊ ከእስያ አሸናፊ ጋር ተጫውቶ ከበለጠ ብቻ ይግባ ተባለ፤ ማለትም ሦስት አህጉሮች፣ አፍሪካ፣ እስያና ኦሺኒያ፣ ለአንዲት ወንበር ይሻሙ ማለት ነው። በዚያው ወቅት የፊፋው ፕሬዚዳንት ሰር ስታንሊ ራውስ ደቡብ አፍሪካን ጎብኝተው በ1955 ዓ.ም. እገዳዋ እንዲነሣ አድርገው ነበር። አቶ ይድነቃቸውና የጋናው ኦሄኔ ጃን ነገሩን ይዘው ተነሡ። ክርክራቸው ምጽዋት የመለመን አልነበረም። ፊፋ አንድ አገር አንድ ድምፅ በሚል ሕግ ይተዳደራል፤ አፍሪካ በየዓመቱ አዲስ ነፃ አገር እየጨመረች ነው፤ እንግዲህ ድምፃችንን የምትቆጥሩ ከሆነ ቦታችንንም ቁጠሩ ነው ያሉት። ሰሚ ሲጠፋ የአፍሪካ ቡድኖች በሙሉ ከማጣሪያው ወጡ። ፊፋም ቅጣት ጣለ።

ይህ እርምጃ ዋጋ የሌለው ይመስላል፤ ምክንያቱም ሊያልፍ የማይችል ሰው አልገባም ቢል ማን ይጎዳል? እንዲህ ያሉ ነበሩ። ጋና ግን በዚያን ጊዜ የአህጉሩ ሻምፒዮን ነበረች፤ ለመግባትም ዕድል ነበራት። ተጫዋቾቿ የዕድሜ ልክ ሕልማቸውን ከፍለዋል። ውጤቱ ሳይዘገይ መጣ። በ1957 ዓ.ም. መጀመሪያ በቶኪዮ በተደረገው ጉባኤ ደቡብ አፍሪካ እንደገና ታገደች። እ.ኤ.አ. ለ1970ው ዋንጫ ደግሞ አፍሪካ የራሷን አንድ ቦታ አገኘች። በዚያ ቦታ ወደ ሜክሲኮ የሄደችው ሞሮኮ ናት፤ ኢትዮጵያ አይደለችም።

አቶ ይድነቃቸው በ1964 ዓ.ም. የአፍሪካ ኮንፌዴሬሽን ፕሬዚዳንት ሆነው ተመረጡ፤ በዚያው ጊዜ ገደማ የዓለም አቀፉ ኦሎምፒክ ኮሚቴም አባል ሆኑ። በሰኔ 1966 ዓ.ም. ፍራንክፈርት ላይ ለፊፋ ፕሬዚዳንትነት ውድድር ነበር። አንዱ ራውስ ናቸው፤ ሌላው ለአፍሪካና ለእስያ ተጨማሪ ቦታ ቃል የገቡት፣ ደቡብ አፍሪካንም አላስገባም ያሉት ብራዚላዊው ዧዎ ሃቬላንዥ። በሁለተኛው ዙር ሃቬላንዥ 68 ለ 52 አሸነፉ። ሚዛኑን የደፋው የአፍሪካ ድምፅ ነው። ከሁለት ዓመት በኋላ፣ በሐምሌ 1968 ዓ.ም.፣ ፊፋ ሞንትሪያል ላይ ተሰብስቦ ደቡብ አፍሪካን ጨርሶ አባረረ።

በዚሁ ከተማ፣ በዚሁ ወር ሌላም ነገር ሆነ። የኒውዚላንድ የራግቢ ቡድን ወደ ደቡብ አፍሪካ በመሄዱ የአፍሪካ አገሮች ከሞንትሪያል ኦሎምፒክ ወጡ፤ ኢትዮጵያም ወጣች። በሙኒክ ነሐስ ያገኘው ምሩጽ ይፍጠር በጉልበቱ ጫፍ ላይ ሳለ ሳይሮጥ ተመለሰ። በሞስኮ ሁለት ወርቅ እስኪያገኝ አራት ዓመት ጠበቀ። መርህ ሁልጊዜ የሚከፈለው በሰው ዕድሜ ነው፤ ብዙውን ጊዜም የሚከፍለው መርሁን የወሰነው ሰው አይደለም። እርምጃው ትክክል እንደነበረ እናምናለን፤ ይህን ሒሳብ ግን ሳንጠቅሰው ማለፍ አንፈልግም።

ስለ ሃቬላንዥም አንድ ቃል። በእሳቸው ዘመን የአፍሪካ ቦታ ጨመረ፤ ገንዘብና ጉቦም አብሮ ገባ። ሃቬላንዥ ራሳቸው በጉቦ ጉዳይ የክብር ፕሬዚዳንትነታቸውን በ2005 ዓ.ም. ለቀቁ። በአፍሪካ ድምፅ የተከፈተው በር ነጋዴውንም አስገባ። አቶ ይድነቃቸው ይህን ሁሉ አስቀድመው አዩ ማለት ማጋነን ነው፤ ገንዘብ ጨዋታውን እንዳይውጠው ሲያስጠነቅቁ መኖራቸው ግን የታወቀ ነው።

ከሁሉ ይልቅ እኛን የሚነካን የተጫዋቾች ፍልሰት ጉዳይ ነው። አቶ ይድነቃቸው አፍሪካ ልጆቿን አሳድጋ ለአውሮፓ ክለቦች የምትገብር እርሻ እንዳትሆን አጥብቀው ይከራከሩ ነበር። በ1950ዎቹ መጨረሻ የወጣ ደንብ ለአፍሪካ ዋንጫ አንድ አገር በውጭ የሚጫወቱ ሁለት ተጫዋቾችን ብቻ እንዲያሰልፍ ይፈቅድ ነበር። ደንቡ በ1974 ዓ.ም. ተነሣ። የዛሬውን ሁኔታ ለማየት ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። ከዱባይ ተራሮች መካከል ያለችው ትንሿ ሐታ እንኳ የራሷ ክለብና ስታዲዮም አላት፤ ከውጭ የመጡ ተከፋይ ተጫዋቾችንም አሰልፋለች። ተጫዋቹ ለምን መጣ ብለን ልንፈርድበት አንችልም። እኛም ለትምህርት ብለን የወጣን ነን፤ ተመልሰን መግባታችን ገና አልተረጋገጠም። በአገር ያለው ሜዳ ሳይታረስ፣ ክለቡ ደመወዝ ሳይከፍል፣ ተጫዋቹን በደንብ ብቻ አስሮ ማስቀረት እንደማይቻል ታይቷል። በዚህ ነጥብ ላይ ስጋታቸው ትክክል፣ መድኃኒታቸው ግን ጎደሎ ነበር እንላለን።

ሌላም የምንነቅፈው አለ። አቶ ይድነቃቸው በዘውዱም ዘመን በደርግም ዘመን በስፖርቱ ሥልጣን ላይ ኖረዋል። ለ15 ዓመት የአፍሪካን ኳስ ሲመሩ የኢትዮጵያ ኳስ ቁልቁል ሄደ። በ1960 ዓ.ም. የአፍሪካ ዋንጫን በአዲስ አበባና በአሥመራ፣ በ1968 ዓ.ም. በአዲስ አበባና በድሬዳዋ አዘጋጀን፤ ዋንጫውን ግን ሌሎች ወሰዱ። በ1974 ዓ.ም. ሊቢያ ላይ ከተሳተፍን በኋላ በሕይወት ሳሉ አልተመለስንም። የዓለም ዋንጫንማ ከነጭራሹ አልረገጥንም። ቱኒዚያ እ.ኤ.አ. በ1978 ሜክሲኮን 3 ለ 1 ስታሸንፍ፣ አልጄሪያ በ1982 ምዕራብ ጀርመንን 2 ለ 1 ስትረታ፣ በዚያው ዓመት ካሜሩን ሳትሸነፍ ስትመለስ፣ ሞሮኮ በ1986 እንግሊዝና ፖርቱጋል ከነበሩበት ምድብ አንደኛ ሆና ስትወጣ፣ በተከፈተው መንገድ የሮጡት እነሱ ናቸው። ጥፋቱ የአንድ ሰው ብቻ ነው አንልም። አገሪቱ በጦርነትና በረሀብ ውስጥ ነበረች፤ ኳሱ ብቻውን ሊያብብ አይችልም። ቢሆንም የጎረቤትን ቤት ሲያንጹ የራስ ጣሪያ ማፍሰሱ የሚቆጭ ነው፤ እሳቸውንም ሳይቆጫቸው አልቀረም ብለን እናስባለን።

አቶ ይድነቃቸው በካንሰር ሕመም ታመው በ1979 ዓ.ም. ነሐሴ 13፣ በቡሄ ዕለት፣ በ65 ዓመታቸው አረፉ። እስከዚያች ቀን የኮንፌዴሬሽኑ ፕሬዚዳንት ነበሩ። ቦታቸውን ሱዳናዊው ዶክተር አብደል ሐሊም መሐመድ ለጊዜው ያዙ፤ በ1980 ዓ.ም. ካሜሩናዊው ኢሳ ሐያቱ ተመረጡ። ለአንዲት ወንበር ሲታገሉላት የነበረችው አፍሪካ እ.ኤ.አ. ለ2026ቱ ዋንጫ 9 ቀጥተኛ ቦታ ተሰጥቷታል።

ደቡብ አፍሪካ ከአፓርታይድ መፍረስ ጋር በ1984 ዓ.ም. ወደ ማኅበሩ ተመለሰች፤ በ1988 ዓ.ም. የአፍሪካ ዋንጫን አዘጋጅታ ራሷ ወሰደችው። በ2005 ዓ.ም. ሁለተኛ ጊዜ ስታዘጋጅ ኢትዮጵያ ከ31 ዓመት በኋላ ተሳታፊ ሆና በዚያች አገር ተገኘች። የመጀመሪያ ጨዋታችን ያለፈውን ዋንጫ ከወሰደችው ከዛምቢያ ጋር፣ በኔልስፕሩት ከተማ፣ ጥር 13 ቀን ነበር። በረኛችን ጀማል ጣሰው በቀይ ካርድ ወጥቶ በ10 ሰው ቀረን፤ በመጀመሪያው አጋማሽ መጨረሻም አንድ ጎል ገባብን። በሁለተኛው አጋማሽ የቅዱስ ጊዮርጊሱ አዳነ ግርማ አገባ፤ 1 ለ 1 ወጣን።